የቆሙ ሽማግሌዎች

«ኮትህን አውልቅና ይሄን ደርብ» አለ ዘካርያስ፤ አንድ እጁን ከመሪው ሳያነሳ፣ በሌላው ከኋላ ወንበር ላይ የታጠፈ ጋቢ እየጎተተ።

«ለምን?»

«ለሽምግልና እኮ ነው የምንሄደው። በኮት ከገባህ ስብሰባ ልትመራ የመጣህ ትመስላለህ።»

ኢተፋ ቀበቶውን ሳይፈታ እየተጠማዘዘ ኮቱን አወለቀ። ጋቢው አዲስ ነው፤ የሱቅ ሽታው አልለቀቀውም።

«ባጁን ግን ሸሚዝህ ላይ አድርገው።»

«ሽማግሌ ባጅ ያደርጋል?»

«የአንተ ዓይነቱ ያደርጋል» አለ ዘካርያስና ሳቀ።

ኢተፋ የምክር ቤት ባጁን ከኮቱ ላይ ነቅሎ ኪሱ ውስጥ ከተተው። ሳምንቱን ሙሉ የክልሉ ምክር ቤት የጨፌው ጉባኤ አዳማ ላይ ሲካሄድ ሰንብቷል። ከጠዋት እስከ ማታ ተቀምጦ ስለሚውል ወገቡ አሁንም አልተፍታታም። ዛሬ ቅዳሜ ነው። ቤቱ ሆኖ፣ መጋረጃውን ጋርዶ፣ ማንንም ሳያናግር መዋል ነበር የፈለገው።

ከተማው ወደ ኋላ ቀረ። በስተቀኝ የሸንኮራ አገዳው እርሻ ዝናብ ጠግቦ አረንጓዴ ሆኗል። ዘካርያስ ሬዲዮውን ዘጋ።

«ሁለቴ ሽማግሌ ልኬ ሁለቴም መለሰቻቸው» አለ።

«ምን ብላ?»

«ሹፌሩን ይቅር እለዋለሁ ትላለች። ልጅ ነው፣ እናቱም መጥታ አልቅሳልኛለች ትላለች። ከዚያ ዞር ትልና ስንት ቀን ሳይተኛ ነዳ፣ ንዳ ያለው ማን ነው፣ እሱን ይንገሩኝ ትላለች።»

«ታዲያ ንገራት።»

«ምን ብዬ? ሹፌር ነው፤ ነዳ። ሹፌር ምን ያደርጋል?»

ሹፌሩ ኤባ ይባላል። ከአንድ ወር በፊት በዘካርያስ ባለ ተሳቢ መኪና ማዳበሪያ ጭኖ ወደ አሰላ ሲጓዝ፣ ደራ መግቢያ ላይ ከመንገድ ወጥቶ ዳር የቆመች ባጃጅ ገጨ። ባጃጇ ውስጥ ተሳፋሪ ሲጠብቅ የነበረው ኡበይደላ እዚያው ሞተ። ኤባ ታስሯል። ማክሰኞ ፍርድ ቤት ይቀርባል። የሟች ቤተሰብ ታርቀናል ካለ ዳኛው ቅጣት ሲወስን ያንን ያስብለታል፤ ይህን ከኢተፋ በላይ የሚያውቅ የለም። ሽማግሌዎቹ ይዘውት የሚመላለሱት የዕርቅ ቃል ግን ከሹፌሩ አልፎ ይሄዳል። «ከአላህ የመጣ ነው፤ በማንም አናመካኝም» ይላል። መሪማ ይህን ቃል በሰው ፊት ከተናገረች በኋላ የመኪናውን ባለቤት ምንም የሚጠይቀው አይኖርም።

መሪማ የኡበይደላ እናት ናት። የኢተፋም የድሮ ደንበኛ ነበረች።

ኢተፋ ደራ ላይ አሥራ ስምንት ዓመት ጥብቅና ቆሟል። ቢሮው ከእህል ወፍጮ ጋር ግድግዳ የሚጋራ አንድ ክፍል ነበር፤ ወፍጮው ሲነሳ ደንበኛና ጠበቃ ይጯጯሃሉ፣ ጠረጴዛው ላይ ሁልጊዜ ስስ ዱቄት ይገኛል። የድንበር ጠብ፣ የውርስ ክርክር፣ የጠፋ በሬ፣ የተካደ ጋብቻ፤ ያልያዘው ጉዳይ የለም። ከዚያ ለጨፌው ምርጫ የሚታወቅና የሚታመን ሰው ሲፈለግ ስሙ ተጠራ። ፈቃዱን መለሰ፣ አዳማ ቤት ተከራየ። በመጀመሪያው ዓመት ስለ ደራ ውሃ ጠየቀ። በሁለተኛውም ጠየቀ። በሦስተኛው ጥያቄውን ጽፎ ይዞ ሄደና ሳያነሳው ተመለሰ። አሁን የሚያውቀው ሥራ ሁለት ነው፤ እጅ ማውጣትና ሲገባ ሰው ሲነሳለት «ተቀመጡ፣ ተቀመጡ» ማለት።

አዋሽ ድልድይ ሳይደርሱ ዘካርያስ ድንገት ፍሬን ያዘ። ከአስፋልቱ ዳር አንድ ባለ ተሳቢ ቆሟል።

«የእኔ ነው» አለ። «ለምን ቆመ ይሄ?»

ወርዶ ሄደና የሹፌሩን በር በመዳፉ መታ። መስኮቱ ዝቅ አለ። ኢተፋ በመስታወት ውስጥ የሚያየው ፊት እንቅልፍ የጨማደደው ነበር። የሚባባሉት አይሰማም። የዘካርያስ እጅ ብቻ ወደ ላይ ወደ ታች ይላል።

የኢተፋ ስልክ ጠራ። ልጁ ሊዲ ናት። ዓመት ሊሞላት ነው፣ ሞጆ ደረቅ ወደብ ከዘካርያስ የጭነት ቢሮ ከተቀጠረች። ሥራ ፍለጋ ሁለት ዓመት ከተንከራተተች በኋላ ያስገባት ዘካርያስ ራሱ ነው፤ አንድ ሰንበት ከጸሎት ሲወጡ፣ ማንም ሳይለምነው።

«አባ፣ ደራ እየሄዳችሁ ነው አሉ።»

«ማን አለ?»

«ቢሮው ሁሉ ያውቃል። ጋሽ ዘካርያስ ‹አባትሽን ይዤ ከሄድኩ ዛሬ ያልቃል› ብሎኛል።»

ኢተፋ ዓይኑን ከዘካርያስ እጅ ላይ አላነሳም።

«አባ፣ ትሰማኛለህ? ኤባን የዚያን ቀን የሸኘሁት እኔ ነኝ። ከጅቡቲ መግባቱ ነበር፣ ከመኪናው እንኳ በወጉ አልወረደም። ዐይኑ ደም መስሏል። ‹ሊዲዬ፣ ትንሽ ልተኛ፣ የመውጫ ወረቀቱን ቆይተሽ ስጪኝ› አለኝ። ጋሽ ዘካርያስ ጋ ደወልኩ።»

«ምን አለሽ?»

«‹አሰላ ሲደርስ ይተኛል፣ ማዳበሪያው እየተጠበቀ ነው› አለኝ። ወረቀቱን ሰጠሁት።»

«ለፖሊስ ይህን ተናግረሻል?»

«ማን ጠይቆኝ? ልናገር ወይ ብዬ አንተን ልጠይቅ ነው የደወልኩት። ከተናገርኩ እኮ በማግስቱ ነው የምባረረው።»

ዘካርያስ ሱሪውን እያራገፈ ወደ መኪናው ይመለስ ነበር። ከኋላው የባለ ተሳቢው ሞተር ተነሳ።

«በኋላ እንነጋገራለን» አለ ኢተፋ።

«እንደሱ አትበለኝ አባ። ለመራጮችህ እንደምትለው።»

ስልኩ ተዘጋ። ዘካርያስ ገባና በሩን ሳበ።

«ጎማ ልይ ብዬ ነው ይላል። ውሸታም። ማን ነበረች?»

«ሊዲ ናት።»

«ጎበዝ ልጅ ናት» አለ ዘካርያስ። «እግዚአብሔር ይባርካት። በመስከረም ከፍ ላደርጋት አስቤያለሁ። የአንተም ነገር እኮ እየተወራ ነው፤ ዕጩ የሚመረጥበት ጊዜ ደርሷል። ደራ ላይ ከአንተ የተሻለ ስም ያለው ማን አለ? እኔም ስጠየቅ ይሄንኑ ነው የምለው።»

ኢተፋ በመስኮቱ ወደ ውጭ አየ። ሃምሳ ሦስት ዓመቱ ነው። ምክር ቤቱን ቢለቅ የጥብቅና ፈቃድ እንደገና መጠየቅ፣ ቢሮ መከራየት፣ ደንበኛ መጠበቅ አለ። ይህን ሁሉ ሲያስብ ከሁሉ በፊት የሚመጣበት የደረጃው ነገር ነበር፤ የደራ ፍርድ ቤት ረጅም ደረጃ አለው።

ደራ ገቡ። ዘካርያስ መኪናውን አስፋልቱ ዳር፣ ከመስጊዱ ፊት ለፊት አቆመው።

«እኔ ከዚህ አላልፍም። በዳይ ከሽማግሌ ጋር አይገባም፤ ወጉ ነው።» ወንበሩን ወደ ኋላ ለጠጠው፤ ቀዝቃዛ አየሩን ከፍ አደረገው። «ሲያልቅ ደውልልኝ።»

ከግራሩ ሥር ኦቦ ገላናና ሼህ አብዱልጀባር ይጠብቁ ነበር። ኦቦ ገላና ሰማንያን የተሻገሩ፣ የአገሩ ነገር ሁሉ በእሳቸው አፍ የሚያልቅ ሰው ናቸው። ሼሁ ደግሞ ኡበይደላን ቁርአን ያስተማሩት እሳቸው ናቸው።

«አካም ቡልቴ፣ ኢተፋ? እንዴት አደርክ?» አሉ ኦቦ ገላና። ከላይ እስከ ታች አዩት። «ጋቢው ከየት መጣ?»

«ዘካርያስ ነው ያለበሰኝ።»

«ይሁን። ላም ለገበያ ስትወጣ ትታጠባለች።»

ሼሁ ሳቃቸውን በእጃቸው ሸፈኑ። ኢተፋም ፈገግ አለ፤ በሳምንቱ የመጀመሪያው ነበር።

«ስማ» አሉ ሽማግሌው እየሄዱ። «የምናገረው እኔ ነኝ። አንተ ቁም። መቆምህ ብቻ ይበቃል። ሁለት ጊዜ ፀሐይ ላይ ቆመን ተመልሰናል፤ ይህ ጉልበት ለአራተኛ አይሆንም።»

በዚያ አገር ለዕርቅ የሄደ ሽማግሌ እሺ ካልተባለ አይቀመጥም። ወንበር ይቀርብለታል፣ ውሃ ይቀርብለታል፣ እሱ ግን ይቆማል። ተቀመጠ ማለት ነገሩ አለቀ ማለት ነው። ኢተፋ ጠበቃ ሳለ፣ ፍርድ ቤት ዓመታት የፈጀ ጠብ በአንድ ከሰዓት በኋላ መቆም ሲበርድ ብዙ ጊዜ አይቷል፤ ወጉንም ያከብረው ነበር።

የመሪማ ግቢ በር ክፍት ነበር። የባሏ ወንድሞች ባሏ በሞተ ዓመት ከዚህ ግቢ ሊያስወጧት ከስሰው፣ ጉዳዩን እስከ ሰበር ድረስ ይዞ ያስፈረደላት ኢተፋ ነው። ያኔ ባዶ የነበረው ጥግ ላይ አሁን ባጃጇ በሸራ ተሸፍናለች። ሸራው ከፊት በኩል ወደ ውስጥ ገብቷል። ሌሊት የዘነበው ውሃ እዚያ ጎድጓዳ ላይ ተጠራቅሟል።

ጎረቤት ተሰብስቦ ነበር። ኢተፋ ሲገባ ሁሉም ብድግ አለ። «የተከበሩ መጡ» የሚል ሹክሹክታ ተሰማ። «ተቀመጡ» ሊል አፉን ከፈተና ተወው።

መሪማ ከቤት ወጣች። ከስታለች። ከኋላዋ ልጇ ዋፊቃ ረጅም አግዳሚ ወንበር ተሸክማ መጣችና ግድግዳው ሥር አኖረችው። ዋፊቃ አዳማ አስተማሪ ናት።

«ተቀመጡ» አለች መሪማ።

«አንቀመጥም» አሉ ኦቦ ገላና። «መሪማ፣ ይህ ሦስተኛችን ነው። የሄደውን አንመልስልሽም። ያለውን ልጅ ግን ማዳን ትችያለሽ። ኤባም የእናት ልጅ ነው። ነገሩ የማንም አይደለም፣ ከላይ ነው በይና ለሽማግሌ ቃልሽን ስጪን።»

«ቀደር ነው፣ መሪማ» አሉ ሼሁ በለሰለሰ ድምፅ። «አላህ የወሰነው ነው።»

«አላህ የወሰነውንማ ተቀብያለሁ፣ ሼሃችን። ሰው የወሰነውን ነው የምጠይቀው።»

ከጎረቤቶቹ አንዲት አሮጊት ምላሷን መታች። «ኧረ ተይ መሪማ። አዋቂ አቁመሽ።»

«እኛ አላቆምናቸውም» አለች ዋፊቃ። «ወንበሩ ያው።»

«አንቺ ዝም በይ። ትናንት የተወለድሽ።»

«ተቀመጡ ስንላቸው አይቀመጡ። ሂዱ ስንላቸው አይሄዱ። ይሄ ልመና ነው ወይስ ክበባ? ለማኝም እኮ ‹እግዜር ይስጥልኝ› ሲሉት ይሄዳል።»

«ዋፊቃ» አለች መሪማ። ልጅቷ ከንፈሯን ነክሳ ግድግዳውን ተደገፈች።

ደመናው ገለል ብሎ ፀሐይዋ ወጣች። እርጥቡ መሬት ይተን ጀመር። የኦቦ ገላና በትር ጭቃው ውስጥ እየሰመጠ ነው፤ ሲነቅሉትና ሌላ ቦታ ሲተክሉት ጉልበታቸው ይንቀጠቀጣል። ሁሉም ያንን ጉልበት ያያል። ከዚያ መሪማን ያያል። ማንም ክፉ ቃል አልተናገራትም፤ ግን ግቢው ሙሉ በእሷ ላይ እያዘነበለ ነበር። ኢተፋ ይህን ከዚህ በፊት ብዙ ጊዜ አይቷል። ከዚህ በፊት ግን ከሚያዩት መካከል እንጂ ከሚታዩት መካከል ቆሞ አያውቅም።

መሪማ ወደ እሱ ዞረች።

«ጠበቃዬ፣ እርስዎ ምንም አላሉም።»

«የሚናገሩት ኦቦ ገላና ናቸው፣ አዴ መሪማ።»

«አውቃለሁ። ግን እርስዎ ባይመጡ ዛሬም እመልሳቸው ነበር፤ ምኑን እደብቃለሁ። እርስዎ በበሩ ሲገቡ ሳይ ነው የተሸነፍኩት። ይህ ጣራ በእርስዎ አፍ የቆመ ነው። ያኔ ‹እዚህ ላይ እሺ በይ› ሲሉኝ እሺ አልኩ፣ ‹እዚህ ላይ እምቢ በይ› ሲሉኝ እምቢ አልኩ፤ አንድም ቀን አላሳፈሩኝም።» ነጠላዋን አገጯ ሥር ሰበሰበች። «አሁንም እርስዎ ይንገሩኝ። እሺ ልበል?»

ኦቦ ገላና አንገታቸውን ወደ ኢተፋ አዘነበሉ፤ ፊታቸው «በል እንጂ» ይላል። አንድ ቃል ብቻ ነው የሚያስፈልገው። እሺ ይበሉ፣ አዴ መሪማ። ከዚያ ሁሉም ይቀመጣል፣ ሼሁ ዱዓ ያደርጋሉ፣ ኤባ ቅጣቱ ይቀልለታል፤ ይህም እኮ እውነተኛ በጎ ነገር ነው። ሊዲ በመስከረም ታድጋለች። እሱም ወደ አዳማ ተመልሶ መጋረጃውን ይጋርዳል። ይህ ሁሉ ቀላል ነበር፤ እንደ እጅ ማውጣት ቀላል። ጨፌው ላይ እጁን ሲያወጣ ከጎኑ የሚቀመጠውን ሰው እጅ አይቶ ነበር የሚያወጣው።

እዚህ ከጎኑ ያሉት ሁለት ሽማግሌዎች የሊዲን ነገር አያውቁም። መሪማም አታውቅም። ከራሷ ከሊዲ በቀር የሚያውቁት እሱና አስፋልቱ ዳር ወንበሩን የለጠጠው ሰው ብቻ ናቸው።

ኢተፋ ሦስት እርምጃ ያህል ሄደና አግዳሚው ወንበር ላይ ተቀመጠ።

አንድ ሰው «አልሐምዱሊላህ» አለ፤ ዕርቁ ያለቀ መስሎት ነው። ከዚያ መሪማ ምንም እንዳልተናገረች ሁሉም አስተዋለ።

«ደክሞህ ነው?» አሉ ኦቦ ገላና። መውጫ እየሰጡት ነበር። «ሰሞኑን ስብሰባ ላይ ነው የሰነበተው፤ ደክሞት ነው።»

«አይደለም፣ ኦቦ ገላና።»

«እንግዲያስ ተነሳ። ቃል አልተሰጠንም።»

«አልነሳም።» ወደ መሪማ ዞረ። «አዴ መሪማ፣ እኔ ሽማግሌ ልሆን አይገባኝም ነበር። ልጄ የዘካርያስ ሠራተኛ ናት። የዚያን ቀንም ሥራ ላይ ነበረች። ይህን በበሩ ስገባ መናገር ነበረብኝ፤ አልተናገርኩም። ስለዚህ በእኔ ምክንያት እሺ ሊሉ የነበረውን አይበሉ። ሹፌሩን ይቅር ማለት ከፈለጉ ይቅር ይበሉት፣ ያ የእርስዎ ነው። ‹በማንም አናመካኝም› የሚለውን ግን ዛሬ አይናገሩት። ያንን ከተናገሩ የሚጠይቁት ጥያቄ መልስ አያገኝም።»

ሼህ አብዱልጀባር መሬት መሬት አዩ። «ይህን ለእኛ ማን ነገረን?» አሉ ቀስ ብለው፤ ማንን እንደሚጠይቁ ግልጽ አልነበረም።

«ሽምግልና አበላሸህ» አሉ ኦቦ ገላና። ቁጣ አልነበረባቸውም፤ ድካም ነበር። «ስንት ዓመት የኖረ ነገር ነው።»

«አውቃለሁ።»

ዋፊቃ ኢተፋን ለመጀመሪያ ጊዜ ትክ ብላ አየችው። መሪማ ግን አላየችውም፤ ሸራው ላይ የተጠራቀመውን ውሃ ነበር የምታየው።

«ታዲያ ማን ይመልስልኝ?» አለች።

የኢተፋ ስልክ ጠራ። ዘካርያስ ነው። ኢተፋ ሳይነሳ፣ በሰው ሁሉ ፊት፣ አነሳው።

«አለቀ? ምነው ቆያችሁ?»

«ተቀምጫለሁ።»

«ተመስገን። እሺ አለች ማለት ነው። አላልኩህም?»

«አላለችም። እሺ ሳትል ነው የተቀመጥኩት። ጥያቄዋ ላንተ ነው፣ ዘካርያስ፤ እኔ ልመልሰው አልችልም። መኪናውን አጥፋና ና። መጥተህ አንተ ቁም።»

በስልኩ ውስጥ የተለጠጠው ወንበር ሲቃና ተሰማ።

«ሊዲን አስብ» አለ ዘካርያስ።

«እሷን እያሰብኩ ነው።»

ስልኩን ዘጋው። ሰው ሁሉ ወደ በሩ አየ። የግቢው በር እንደተከፈተ ነው፤ በመንገዱ ላይ ማንም አይመጣም፤ አንዲት ባጃጅ ጭቃ እየረጨች አለፈች። ኦቦ ገላና በትራቸውን ከጭቃው ነቀሉ፤ የሚተክሉበት ደረቅ ቦታ ግን አላገኙም።

ኢተፋ በአግዳሚው ላይ ወደ ዳር ፈቀቅ አለና ለሽማግሌው ቦታ ለቀቀላቸው።